ያውቁ ኖሯል? ኦርቪዬቶ፦ አለት ላይም አለት ውስጥም ያለች ከተማ

ከሮም ወደ ፍሎረንስ በሚወስደው የባቡር መስመር ላይ ከአንድ ሰዓት በላይ የተጓዘ ሰው በመስኮት አሻግሮ ቢያይ፣ ከፓሊያ ወንዝ ሸለቆ መሐል ብድግ ያለ ጠፍጣፋ አለት፣ በአለቱ አናት ላይ ደግሞ ጫፍ እስከ ጫፍ የተሠራች ከተማ ያያል። ኦርቪዬቶ ትባላለች። በማዕከላዊ ኢጣሊያ፣ በኡምብሪያ ክልል ትገኛለች። በሥሯ ያሉት መንደሮች ተደምረው እንኳ የሕዝቧ ቁጥር ወደ 20 ሺህ ቢጠጋ ነው። የዛሬው ዓምዳችን ሙሉ በሙሉ የእርሷ ነው። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከተማዋ የቆመችበት አለት ከ300 ሺህ ዓመት በፊት በፈነዳ እሳተ ገሞራ የተተፋ አመድ ተጠቅጥቆ የፈጠረው እንደሆነ ያውቁ ኖሯል? ኢጣሊያውያን ቱፎ ይሉታል። ገደሉ በአንዳንድ ቦታ 50 ሜትር ያህል ቀጥ ብሎ ይወርዳል። ጠላት በቀላሉ አይወጣውም፤ ባለቤቱ ግን በመዶሻና በመሮ እንደልቡ ይፈለፍለዋል። የኦርቪዬቶ ሰዎች ባለፉት 2,500 ዓመታት ሲያደርጉ የኖሩትም ይህንኑ ነው።

ስንት ጉድጓድ ቆፈሩ? እስካሁን የተመዘገቡት ዋሻዎች፣ ጓዳዎች፣ መተላለፊያዎችና የውኃ ጉድጓዶች 1,200 ያህል ናቸው። አብዛኞቹ ዛሬም በግለሰብ ቤቶች ሥር ያሉ የግል ንብረቶች ናቸው። ሰውዬው ከሳሎኑ ደረጃ ወርዶ ወይን ጠጁን የሚያስቀምጥበት ጓዳ በኤትሩስካውያን እጅ የተቆፈረ ሊሆን ይችላል። ለጎብኚ ከተከፈቱት ዋሻዎች በአንዱ ውስጥ በእንስሳ ጉልበት ይዞር የነበረ የወይራ ዘይት መጭመቂያ ከነድንጋይ ወፍጮው ይታያል።

በእነዚሁ ዋሻዎች ግድግዳ ላይ በረድፍ በረድፍ የተቆረጡ ትንንሽ አራት ማዕዘን ቀዳዳዎች አሉ። መቃብር የሚመስላቸው ጎብኚዎች ብዙ ናቸው። የእርግብ ቤቶች ናቸው! እያንዳንዱ ቀዳዳ ለአንድ ጎጆ ይበቃል፤ ዋሻው ደግሞ በገደሉ ፊት በኩል መስኮት አለው። እርግቧ በመስኮቱ ወጥታ ሸለቆው ውስጥ በሰው እርሻ ላይ ለቅማ ጠግባ ትመለሳለች፤ ጫጩቶቿን የሚበላው ግን ባለቤቱ ነው። ኩሷም ለማዳበሪያ ይሆናል። ከተማዋ በጠላት ብትከበብ እንኳ ከበባውን ጥሶ በየቀኑ የሚገባ ሥጋ አለ ማለት ነው። ከዚህ የረቀቀ የስንቅ ዘዴ ይህ ጸሐፊ አላጋጠመውም። የእርግብ ጥብስ ዛሬም በከተማዋ ምግብ ቤቶች ዝርዝር ላይ አለ።

ሮማውያን ከተማዋን የያዙት በ264 ዓመተ ዓለም እንደሆነስ? በዚያ ዘመን ስሟ ቬልዝና ነበር፤ ከኃያላኑ የኤትሩስካውያን ከተሞች አንዷ ነበረች። ነገሩ የተጀመረው በእርስ በርስ ጠብ ነው። ነፃ የወጡ ባሪያዎችና ዝቅተኛ የሚባሉ ዜጎች ሥልጣኑን ከመኳንንቱ ቀሙ። መኳንንቱም በምስጢር ወደ ሮም ልከው «አድኑን» አሉ። ሮም መጣች፤ ከተማዋን አፈረሰች፤ የተረፈውን ሕዝብ ከአለቱ አውርዳ በቦልሴና ሐይቅ ዳር አሰፈረች። ከዚያም 2,000 ሐውልት ጭና ወሰደች ይባላል። ፕሊኒ የተባለው ሮማዊ ጸሐፊ እንደመዘገበው፣ አንድ ግሪካዊ «ሮማውያን የዘመቱት ለሐውልቶቹ ሲሉ ነው» ብሎ ከስሷቸዋል። የጠላትን ደጅ ለእርዳታ ያንኳኩት መኳንንት አገራቸውን መልሰው አላገኟትም።

ከአለቱ ግርጌ የኤትሩስካውያን የመቃብር ከተማ አለ። ክሮቺፊሶ ዴል ቱፎ ይባላል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ6ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራ ሲሆን፣ እንደ ደንበኛ ሰፈር በቀጥታ መንገዶች ተከፋፍሎ የድንጋይ ክፍሎቹ ጎን ለጎን ተደርድረዋል። በየበሩ ጉበን ላይ የባለቤቱ ስም ተቀርጿል፤ አጻጻፉም መቃብሩ ራሱ «የእገሌ ነኝ» ብሎ የሚናገር ዓይነት ነው። በሩ ዝቅ ያለ ስለሆነ ጎንበስ ብሎ የገባ ሰው ግራና ቀኝ የድንጋይ መደቦች ያገኛል፤ አስከሬኑ የሚጋደመው በእነርሱ ላይ ነበር። ከመቃብሮቹ የወጡና ኤክሴኪያስ የተባለው ዝነኛ የአቴና ሠዓሊ ሥራዎች ናቸው የተባሉ ሦስት እንስራዎች ከካቴድራሉ ፊት ለፊት ባለው የፋይና ሙዚየም ይታያሉ።

በ2011 ደግሞ ከአንድ የወይን ጠጅ ጓዳ ወለል ሥር ቁፋሮ ሲጀመር የፒራሚድ ቅርጽ ያለው ክፍል ተገኘ። ግድግዳዎቹ ወደ ላይ እየጠበቡ ይሄዳሉ። ውስጡ በጥንታዊ የሸክላ ስብርባሪ ተሞልቷል። ለምን ተሠራ? ተመራማሪዎቹ አልተስማሙም። የውኃ ማጠራቀሚያ አይደለም ይላሉ፤ ምን እንደሆነ ግን በእርግጠኝነት የሚናገር የለም።

የከተማዋን አስተዳዳሪ መናፍቃን እንደገደሉትስ? በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ካታር የሚባሉት ከሮም ቤተ ክርስቲያን ያፈነገጡ ምእመናን በኦርቪዬቶ በርትተው ነበር። ፖፕ ኢኖሰንት ሦስተኛ በ1199 ፒዬትሮ ፓሬንዞ የተባለ ወጣት ሮማዊ አስተዳዳሪ አድርጎ ላከባቸው። በየካቲት ገብቶ በግንቦት ተገደለ።

አንድ ሌላ ፖፕ ደግሞ በሕይወት ሳለ የራሱን ሐውልቶች በከተማዋ በሮች ላይ አስቁሟል። ቦኒፋስ ስምንተኛ ነው፤ ዘመኑም የ13ኛው ክፍለ ዘመን መገባደጃ። ከሞተ በኋላ የፈረንሳዩ ንጉሥ ፊሊፕ አራተኛ ሰዎች በስሙ ላይ ክስ ሲደረድሩ፣ ራሱን ጣዖት አድርጎ አስመለከ የሚለው አንዱ ነበር። ፖርታ ማጆሬ በተባለው የምዕራቡ በር የሚገባ ሰው ቀና ቢል ሐውልቱን ያያል።

ካቶሊኮች በዓለም ሁሉ የሚያከብሩት የክርስቶስ ሥጋና ደም በዓል የታወጀው ከዚህች ከተማ ነው። ትውፊቱ እንዲህ ይላል። በ1263 አንድ የቦሄሚያ ቄስ ወደ ሮም ሲሳለም ቦልሴና ላይ አረፈና ቀደሰ። ኅብስቱ በእርግጥ ሥጋ መሆኑን በልቡ ይጠራጠር ነበርና በእጁ ሳለ ደም አንጠበጠበ፤ ደሙም በመንበሩ ላይ የተነጠፈውን ነጭ ጨርቅ ነካ። ፖፕ ኡርባን አራተኛ በዚያን ጊዜ መቀመጫው ኦርቪዬቶ ስለነበር ጨርቁ ወደ እርሱ መጣለት። በነሐሴ 1264 በዓሉ በመላው ቤተ ክርስቲያን እንዲከበር አወጀ። የበዓሉን የጸሎት ሥርዓት ያዘጋጀው በዚያው ዘመን በከተማዋ ያስተምር የነበረው ቶማስ አኩይናስ ነው ይባላል። ጨርቁ ዛሬም በካቴድራሉ አለ። በ1338 ኡጎሊኖ ዲ ቪዬሪ የተባለ የሲዬና አንጥረኛ የሠራለት የብርና የኢናሜል ማኅደር የካቴድራሉን የራሱን ፊት መልክ ይዞ የተሠራ ነው። በየዓመቱ በበዓሉ ቀን ጨርቁ የመካከለኛው ዘመን ልብስ በለበሱ ሰዎች ታጅቦ ከተማዋን ይዞራል።

ወደ ካቴድራሉ እንምጣ። ፖፕ ኒኮላስ አራተኛ የመሠረቱን ድንጋይ ያኖረው በኅዳር 1290 ነው። የፊቱ ሥራ ግን ሦስት መቶ ዓመት ያህል ፈጀ! በጅምሩ ግድግዳው አስተማማኝ አልሆነም ተብሎ ሎሬንዞ ማይታኒ ከሲዬና ተጠራ። ከ1310 ጀምሮ በ1330 እስኪሞት ሥራውን የመራው እርሱ ነው። ሕንፃው በጎን በኩል ሲታይ ጥቁርና ነጭ ጥለት እንደተጣለበት ጥበብ ነው፤ ጥቁሩ ባዛልት፣ ነጩ ትራቨርቲን የተባለ ድንጋይ ነው። ከፊት ግን በወርቃማ ሞዛይክ ያበራል፤ በተለይ ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ሲያርፍበት።

ከሞዛይኩ ይልቅ ግን ጊዜ የሚገባው ታች ያለው ነው። በበሮቹ መካከል ያሉት አራት ሰፋፊ ምሰሶዎች ከሥነ ፍጥረት እስከ ዕለተ ፍርድ ያለውን ታሪክ በእምነበረድ ቅርጽ ይተርካሉ። በመጀመሪያው ምሰሶ አዳም ተጋድሞ ተኝቷል፤ ፈጣሪ ጎንበስ ብሎ ከጎኑ አጥንት ያወጣል፤ ከላይ መላእክት ይመለከታሉ። በመጨረሻው ምሰሶ ግርጌ፣ ልክ በቆመ ሰው ዓይን ትይዩ፣ ኩነኔ አለ። ኃጥአን በሰንሰለትና በእባብ ተጠላልፈው ይጮኻሉ፤ አጋንንቱ ይነክሷቸዋል። ማንበብ የማይችል ገበሬ ገበያ ሲወጣ ይህን እያየ ያልፍ ነበር። መንግሥተ ሰማያትን ከፍ አድርጎ ኩነኔን ከሰው ፊት ትይዩ ማድረግ የታሰበበት ይመስላል።

ከፊቱ ሞዛይኮች የአንዱ ኦሪጅናል ለንደን ቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም ነው ያለው። የእመቤታችንን ልደት የሚያሳይ የ14ኛው ክፍለ ዘመን ሥራ ነው። ዛሬ በካቴድራሉ ፊት ከሚታዩት ሞዛይኮች አብዛኞቹ ከጊዜ በኋላ የተተኩ ናቸው።

የነሐስ በሮቹስ? እነርሱ ገና የ20ኛው ክፍለ ዘመን ናቸው። ኤሚሊዮ ግሬኮ የተባለው የሲሲሊ ቀራፂ ሠርቷቸው ካለቁ በኋላ፣ በጥንታዊ ሕንፃ ላይ ዘመናዊ በር መግጠም ተገቢ ነው አይደለም በሚል ሙግት ዓመታት ጠብቀው የተገጠሙት በ1970 ነው። ውስጥ ደግሞ የዚህ ተቃራኒ ታሪክ አለ። ከ16ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ የተሠሩ ግዙፍ የሐዋርያት ሐውልቶች በምሰሶዎቹ ሥር ቆመው ነበር። በ1897 «ከሕንፃው ጥንታዊ መልክ ጋር አይሄዱም» ተብለው ተጠርገው ወጡ። በ2019 «የታሪኩ አካል ናቸው» ተብለው ተመለሱ። 122 ዓመት ከቤት የተባረሩ ሐዋርያት!

ከካቴድራሉ አደባባይ ጥግ ያለች ትንሽ ማማ ላይ ማውሪዚዮ የሚባል የነሐስ ሰው ቆሟል፤ መዶሻ ይዞ በየሰዓቱ ደወሉን ይመታል። የተተከለው በ14ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ሲሆን ሥራው የግንበኞቹን የሥራ ሰዓት መቆጣጠር ነበር። በኢጣሊያ ካሉት ሰዓት መቺ ሐውልቶች ሁሉ ቀደምቱ እርሱ ነው ይባላል። በሰውየውና በደወሉ ላይ የተቀረጸው ጽሑፍ ሁለቱ እርስ በርስ ሲናቆሩ ያሳያል፤ ማን ማንን እንደሚያዝ የሚከራከሩ ዓይነት። የአሠሪና የሠራተኛ ክርክር ነው ቢሉ አልተሳሳቱም።

ፒንቱሪኪዮ የተባለው ስመ ጥር ሠዓሊ በ1492 ካቴድራሉን ሊስል ተቀጥሮ ከአሠሪዎቹ ጋር ተጣልቷል። ጥፋቱ? ወርቅና ሰማያዊ ቀለም አበዛ! ሰማያዊው ቀለም በዚያን ዘመን ከአፍጋኒስታን ከሚመጣ የከበረ ድንጋይ ይፈጭ ስለነበር ዋጋው አይቀመስም። ሌላው ስመ ጥር ፔሩጂኖ ደግሞ ለዓመታት ሲለመን፣ ሲስማማ፣ ሲያዘገይ ከርሞ ሳይመጣ ቀረ።

በመጨረሻ በ1499 ሉካ ሲኞሬሊ መጣ፤ አምስት ዓመት ያህል ሠርቶ በ1504 ጨረሰ። ከውሉ ላይ ከገንዘቡ ሌላ እህልና ወይን ጠጅ እንዲሰጠው ተጽፏል። የሳለው የዓለምን ፍጻሜ ነው። ከሁሉ የሚያስደነግጠው ሐሳዊ መሲሕ ሲሰብክ የሚያሳየው ግድግዳ ነው። ከሩቅ ሲታይ ክርስቶስ ራሱ ነው የሚሰብከው፤ ጺሙም፣ ልብሱም፣ አቋሙም የእርሱ ነው። ጠጋ ሲሉ ግን ሰይጣን ከጀርባው ተለጥፎ በጆሮው ሹክ ይለዋል። አሁንም ጠጋ ይበሉ፦ የሰይጣኑ እጅ በሰባኪው ካባ ውስጥ ሾልኮ ስለወጣ፣ የሚያዩት እጅ የማን እንደሆነ መለየት ይቸግራል። በግራ ጥግ ጥቁር የለበሱ ሁለት ሰዎች ቆመው ይህን ሁሉ ያያሉ፤ አንዱ ሲኞሬሊ ራሱ፣ ሌላው ከእርሱ በፊት በ1447 ጣሪያውን መሳል ጀምሮ የሄደው መነኩሴ ፍራ አንጀሊኮ ነው። በሌላው ግድግዳ ሙታን ከመሬት እየተጎተቱ ይወጣሉ፤ አንዳንዱ ሥጋ ለብሷል፣ አንዳንዱ ገና አፅም ነው። ማይክል አንጀሎ ከዚህ ሥራ ሐሳብ መውሰዱን ቫሳሪ የተባለው የሠዓሊዎች ታሪክ ጸሐፊ በማድነቅ ጽፏል።

የሥነ ልቦናው ሊቅ ሲግመንድ ፍሮይድ የዚህን ሠዓሊ ስም እንደረሳስ ያውቁ ኖሯል? በሠረገላ አብሮት ለሚጓዝ ሰው ስለ ኦርቪዬቶ ሥዕሎች እያወራ ሳለ ስሙ ጠፋበት። ቦቲቼሊ፣ ቦልትራፊዮ የሚሉ ሌሎች ስሞች መጡለት፤ ሲኞሬሊ ግን እምቢ አለ። ማንም ሰው «አረጀሁ መሰለኝ» ብሎ የሚያልፈውን ነገር ፍሮይድ በ1898 ጽሑፍ አድርጎ አወጣው፤ በ1901 ስለ ዕለት ተዕለት ስሕተቶቻችን ባሳተመው መጽሐፍም የመጀመሪያው ምዕራፍ ሆነ። በኦርቪዬቶ አቅራቢያ የገባበት የኤትሩስካውያን መቃብርም ስለ ሕልም በጻፈው መጽሐፉ ውስጥ አለ፤ ሁለት የድንጋይ መደብና ሁለት አፅም ያለበት ጠባብ ክፍል።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ፣ ወደ ውኃው። በግንቦት 1527 የንጉሠ ነገሥት ቻርልስ አምስተኛ ወታደሮች ሮምን ዘረፉ። ፖፕ ክሌመንት ሰባተኛ ምሽግ ውስጥ ተዘግቶ ከቆየና ለወራት እስረኛ ከሆነ በኋላ በታኅሣሥ ወር ማንነቱን በሚሸሽግ ልብስ ሌሊት አምልጦ ኦርቪዬቶ ገባ። የእንግሊዝ መልእክተኞች ተከትለውት መጡ፤ ንጉሣቸው ሄንሪ ስምንተኛ ከአራጎኗ ካትሪን ጋር ያለው ጋብቻ እንዲፈርስለት ይፈልጋል። ካትሪን ደግሞ የዚያው ሮምን የዘረፈው የቻርልስ አክስት ናት! በ1528 መጋቢት የደረሱት መልእክተኞች ያዩትን ለአገራቸው ጽፈዋል፦ ግድግዳው የተራቆተ፣ ጣሪያው የወደቀ ቤት፤ የፖፑ አልጋና ዕቃው ተደምሮ ዋጋው እዚህ ግባ የማይባል። እዚህ ድኽነት ውስጥ ያለ ሰው ንጉሠ ነገሥቱን የሚያስቆጣ ውሳኔ እንዲሰጥ ነበር የሚጠየቀው። ክሌመንት አዎም አይደለምም ሳይል አጓተተ። ውሎ አድሮ እንግሊዝ ከሮም ቤተ ክርስቲያን ተለየች።

ክሌመንት ግን በዚያች አለት ላይ ተቀምጦ ሌላ ፍርሃት ያዘው፦ ከበባ ቢመጣ ምን ይጠጣል? ለዚህም አንቶኒዮ ዳ ሳንጋሎ ታናሹ የተባለውን መሐንዲስ ጉድጓድ አስቆፈረ። ዛሬ የቅዱስ ፓትሪክ ጉድጓድ ይባላል።

ጥልቀቱ ከ53 ሜትር ያልፋል፤ ስፋቱ 13 ሜትር ነው። ችግሩ መቆፈሩ ብቻ አልነበረም፤ ውኃውን ማውጣቱ ነው። ውኃ የሚያወጡት በቅሎዎች ናቸው፤ ደረጃው አንድ ብቻ ቢሆን ጭነት ይዛ የምትወጣ በቅሎ ባዶዋን ከምትወርደዋ ጋር በጠባቡ መንገድ ትገጥምና ሁለቱም ይቆማሉ። በቅሎን ወደ ኋላ ማስኬድ ምን እንደሆነ የሞከረው ያውቀዋል። የሳንጋሎ መልስ ሁለት ደረጃ ነበር። ሁለቱም በጉድጓዱ ዙሪያ እየተጠማዘዙ፣ አንዱ ከሌላው በላይ እያለፈ ይወርዳሉ፤ የትም ቦታ ግን አይገናኙም። በአንዱ በር የገባች በቅሎ ታች ደርሳ፣ ውኃውን ቀድታ፣ ትንሽ ድልድይ ተሻግራ በሌላው ደረጃ ትወጣለች፤ የምትወጣበትም በር ከገባችበት ትይዩ ነው። እያንዳንዱ ደረጃ 248 እርከን አለው። እርከኖቹ ዝቅ ያሉና ሰፋፊ ናቸው፤ ለበቅሎ ኮቴ ተለክተዋል። ወደ መሐሉ ክፍተት የተከፈቱ 70 መስኮቶች የሰማዩን ብርሃን ወደ ታች ያወርዳሉ። ግማሽ ላይ ቆመው በመስኮቱ ቢመለከቱ፣ በወዲያ በኩል የሚወጣውን ሰው ፊት ያዩታል፤ ሊነኩት ግን አይችሉም።

ሥራው በ1537 ሲያልቅ ክሌመንት ሞቶ ሦስት ዓመቱ ነበር። ቤንቬኑቶ ቼሊኒ የተባለው ዝነኛ አንጥረኛ ግን ሳይሞት ሜዳልያ ሠርቶለታል፤ ሙሴ አለቱን በበትሩ መትቶ ሕዝቡን ሲያጠጣ ያሳያል። ሙሴን ያህል ሰው መወዳደሪያ ማድረግ ለተሰደደ ፖፕ ማጽናኛ ሳይሆን አይቀርም።

በሳን ዶሜኒኮ ቤተ ክርስቲያን የካርዲናል ደ ብሬ መቃብር አለ፤ ሰውዬው የሞተው በ1282 ነው። ቀራፂው አርኖልፎ ዲ ካምቢዮ ካርዲናሉን አስተኝቶ፣ ሁለት ወጣት አገልጋዮች መጋረጃ ሲስቡበት ቀርጿል። ከላይ እመቤታችን በዙፋን ተቀምጣለች። መቃብሩ በቅርብ ጊዜ ሲታደስ ታዲያ ይህች ሐውልት ሌላ ታሪክ ይዛ ተገኘች፦ በ2ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራች የሮማውያን ሴት አምላክ ናት! አርኖልፎ አሮጌውን እምነበረድ አግኝቶ እዚህም እዚያም ነካክቶ ማርያም አደረጋት።

ከባቡር ጣቢያው ወደ ከተማዋ የሚወጣው በገመድ የሚሳብ ባቡር በ1888 ሲጀምር ሞተር እንዳልነበረው ያውቁ ኖሯል? ላይ ያለው ፉርጎ በርሜሉ በውኃ ይሞላል፤ ክብደቱ ወደ ታች ሲወስደው በገመዱ ሌላኛው ጫፍ ያለውን ፉርጎ ከነተሳፋሪው ይጎትተዋል። ታች ሲደርስ ውኃው ይደፋል፤ ነገሩ እንደገና ይጀመራል። ያቀደው የከተማዋ ልጅ የሆነው መሐንዲስ አዶልፎ ብራቺ ነው። በ1970 ተዘጋ፤ በ1990 በኤሌክትሪክ ተመልሶ ተከፈተ።

ያ ሁሉ ቁፋሮ ዋጋ አላስከፈለም ማለት አይቻልም። አለቱ የተቀመጠው ሸክላ አፈር ላይ ነው። ከአሮጌ ቱቦዎች የሚያፈስ ውኃ ወደ ታች ሲሰርግ ሸክላው ይላላል፤ የአለቱ ጠርዝ ይናዳል። በ1970ዎቹ ናዳው በመክፋቱ የኢጣሊያ ፓርላማ በ1978ና በ1987 ኦርቪዬቶንና ጎረቤቷን ቶዲን ለማዳን ልዩ ሕግ አወጣ። ገደሉ በብረት ችንካር ተሰፋ፤ የውኃና የፍሳሽ መስመሩ ታደሰ። በከተማዋ ሥር ያሉት ዋሻዎች በሙሉ መጠናት የጀመሩትም በዚያን ጊዜ ነው፤ ናዳው ባይመጣ ኖሮ ቱሪስቱ ዛሬ የሚያየው የመሬት ውስጥ ጉብኝት ባልኖረ።

ከአለቱ ግርጌ ደግሞ በ1935 የኢጣሊያ አየር ኃይል የአውሮፕላን መጠለያዎች ማሠራት ጀመረ። ዓመቱ ለኛ ምን እንደሆነ መንገር አያሻም፤ ያው አየር ኃይል በዚያው ዓመት በኢትዮጵያ ሰማይ ላይ ነበር። መሐንዲሱ ፒየር ሉዊጂ ኔርቪ ጣሪያውን እንደ ወንፊት በተጠላለፈ የሲሚንቶ አግዳሚ ሠራውና በሥነ ሕንፃ ታሪክ መጻሕፍት ገባ። ጀርመኖች በ1944 ሲያፈገፍጉ መጠለያዎቹን አፈረሷቸው። ኔርቪ በኋላ በ1960ው የሮም ኦሊምፒክ የቅርጫት ኳስና የቦክስ ውድድር የተካሄደባቸውን አዳራሾች ሠርቷል፤ አበበ ቢቂላ በባዶ እግሩ ሮጦ ወርቅ የወሰደበት ኦሊምፒክ ነው።

በ1999 ኦርቪዬቶና ሦስት ሌሎች የኢጣሊያ ከተሞች፣ ግሬቬ ኢን ኪያንቲ፣ ብራ እና ፖዚታኖ፣ ቺታስሎ የተባለውን የዝግ ብለው የሚኖሩ ከተሞች ማኅበር መሠረቱ። ዋና ጽሕፈት ቤቱ ኦርቪዬቶ ነው። አርማው ከተማ ተሸክሞ የሚሄድ ቀንድ አውጣ ነው። ከ50 ሺህ በላይ ሕዝብ ያለው ከተማ አባል መሆን አይችልም፤ ጫጫታ መቀነስ፣ የአካባቢን ምግብ መደገፍ፣ መኪናን ከመሐል ከተማ ማራቅ ይጠበቃል። ኦርቪዬቶም መኪናውን ከገደሉ ግርጌ አቁማ ሰዉን በአለቱ ውስጥ በተቆፈረ ተንቀሳቃሽ ደረጃ ታወጣዋለች። ዝግ ያለ ኑሮ ግን ፈጣን ደረጃ!

የወይን ጠጇስ? ነጩ የኦርቪዬቶ ወይን በ1971 ሕጋዊ የምንጭ መለያ አግኝቷል። ዛሬ በአብዛኛው ደረቅ ነው፤ ለዘመናት ግን ዝናው ጣፋጭ በመሆኑ ነበር። ምክንያቱም ቀዝቃዛዎቹ ዋሻዎች ናቸው፦ ፍላቱ ሳይጨርስ ቅዝቃዜው ስለሚያስቆመው ስኳሩ ይቀራል።

በበዓለ ጰራቅሊጦስ ነጭ እርግብ በብርሃን አሳላፊ ቱቦ ውስጥ ሆና ከሳን ፍራንቼስኮ ቤተ ክርስቲያን እስከ ካቴድራሉ ደጅ በተዘረጋ ሽቦ ላይ እየተንሸራተተች ትመጣ ነበር። ርችቱ ይፈነዳ፣ በካቴድራሉ ደጅ በተሠራው የሐዋርያት ምስል ላይም የእሳት ልሳኖች ይበሩ ነበር። በደህና ከደረሰች አዝመራው ያምራል ይባል ነበር። ከዚያም እርግቧ በቅርቡ ለተጋቡ ሙሽሮች ትሰጥ ነበር፤ እስክትሞት ይንከባከቧት ነበር። ልማዱ የቆየው ከ15ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ጀምሮ ነው። የእንስሳት መብት ተሟጋቾች ግን አልወደዱትም፤ ክርክሩ በየዓመቱ ይነሣ ነበር። ለዚያች አንዲት እርግብ የሚቆረቆር ያህል በየሳህኑ ስለምትቀርበው የሚሟገት ግን አልተሰማም።

ከ1993 ጀምሮ ደግሞ በታኅሣሥ መጨረሻ የኡምብሪያ ጃዝ የክረምት ፌስቲቫል የሚካሄደው እዚያው ነው። ሙዚቀኞች በመንገድ እየተጫወቱ ይዞራሉ፤ በአዲስ ዓመት ቀን የጎስፔል መዘምራን በካቴድራሉ ውስጥ ይዘምራሉ። በዚያ ሳምንት ለመሄድ ያሰበ ሰው ማደሪያውን ቀደም ብሎ ይያዝ፤ አለቱ ሲጠብ አይሰፋም።